የሪዮሃ ወይን ጠጅን ከጠርሙሱ መለያ እንዴት እንደምንረዳ

በሰሜን ስፔን፣ በኤብሮ ወንዝ ግራና ቀኝ የተዘረጋው ሪዮሃ እ.ኤ.አ. በ1925 በይፋ የተከለለ የወይን አብቃይ ክልል ሲሆን፣ በ1991 ደግሞ በስፔን ሕግ ከፍተኛ የሆነውን የመነሻ ስያሜ ደረጃ ከአገሪቱ ክልሎች ሁሉ ቀድሞ አግኝቷል። በዚህ ስም የሚሸጥ ወይን ጠጅ ከፍሬው ዝርያ እስከ በርሜል ቆይታው ድረስ በተቆጣጣሪው ምክር ቤት ደንብ ስለሚመራ፣ ጠርሙሱን ሳይከፍቱ ስለ ይዘቱ ብዙ ማወቅ ይቻላል። ብዙ ገዢዎች የዕድሜውን ቃል ብቻ አንብበው ይወስናሉ፤ በእኔ እምነት ግን ስለ ጣዕሙ ይበልጥ የሚነግሩን የበቀለበት መሬትና የወይኑ ዝርያ ናቸው።

በመጀመሪያ ጠርሙሱን አዙረው ከጀርባው የተለጠፈውን፣ ቁጥር ያለውን የምክር ቤቱን ማረጋገጫ ይመልከቱ። ለቀይ ወይን ጠጅ «ክሪያንሳ» ማለት ቢያንስ ሁለት ዓመት የቆየ፣ ከዚህም ውስጥ አንዱን ዓመት በባሉጥ እንጨት በርሜል ያሳለፈ ማለት ነው። «ሬሴርቫ» ሦስት ዓመት ይፈጃል፤ ቢያንስ አንዱ ዓመት በበርሜል፣ ስድስት ወር ደግሞ በጠርሙስ ነው። «ግራን ሬሴርቫ» አምስት ዓመት ይቆያል፤ ሁለቱን በበርሜል፣ ሁለቱን በጠርሙስ። እነዚህ ቃላት የሚያረጋግጡት የቆይታውን ጊዜ ነው፤ የፍሬ ጣዕሙ ትኩስ የሆነ ወይን ጠጅ የሚፈልግ ሰው ከእነዚህ ቃላት አንዱንም ያልያዘ ጠርሙስ ቢመርጥ አይሳሳትም።

ቀጥሎ የንዑስ ክልሉን ስም ይፈልጉ። ሪዮሃ አልታና ሪዮሃ አላቬሳ በምዕራብ በኩል የሚገኙ ሲሆኑ፣ የካንታብሪያ ተራሮች ከአትላንቲክ ውቅያኖስ የሚመጣውን ቀዝቃዛና እርጥብ ነፋስ ይከልሉላቸዋል፤ ከእነዚህ ስፍራዎች የሚገኘው ወይን ጠጅ ብዙ ጊዜ ኮምጠጥ ያለና ለረጅም ቆይታ የሚመች ነው። በምሥራቅ ያለው ሪዮሃ ኦሪየንታል ይበልጥ ሞቃትና ደረቅ በመሆኑ የሚያስገኘው ወይን ጠጅ ወፍራምና የአልኮል መጠኑም ከፍ ያለ ይሆናል። ይህ ስፍራ ቀድሞ «ሪዮሃ ባሃ»፣ ማለትም «ዝቅተኛው ሪዮሃ» ይባል ነበር፤ ቃሉ የወይን ጠጁን ጥራት ያሳነሰ ይመስል ስለነበር ስሙ መለወጡ ተገቢ ነበር እላለሁ።

ከዚያ ወደ ዝርያዎቹ ይሂዱ፤ ጊዜ ወስደው ሊያነቡት የሚገባው ክፍል ይህ ነው። የክልሉ ዋና ቀይ ወይን ቴምፕራኒዮ ሲሆን፣ ስሙ «ቀደም ያለ» ከሚለው የስፔንኛ ቃል የመጣው ፍሬው ጋርናቻ ከተባለው ሌላ ቀይ ዝርያ ቀድሞ ስለሚበስል ነው። ወጣት ሲሆን እንጆሪና ፕሪም ይሸታል፤ ሲቆይ ወደ ቆዳና ትምባሆ ሽታ ያዘነብላል። በአካባቢው የቆየ ልማድ የሆነው የአሜሪካ ባሉጥ በርሜል ደግሞ የቫኒላ መዓዛ ይጨምርለታል። ይሁን እንጂ ቴምፕራኒዮ በራሱ ብዙ ኮምጣጣነት ስለሌለው ጠማቂዎች ሌሎች ዝርያዎችን ይቀላቅሉበታል፦ ሙቀትና ድርቅ የሚችለው ጋርናቻ ሙላት ይሰጠዋል፤ ፈረንሳዮች ካሪኛን የሚሉት ማሱኤሎ ኮምጣጣነትና አፍን ጠፍሮ የሚይዝ ጣዕም ያክልበታል፤ ግራሲያኖ ደግሞ ቀለሙን ያደምቃል፣ መዓዛውንም ያጎላል። ግራሲያኖ ምርቱ አነስተኛ በመሆኑ ብዙ ገበሬዎች ትተውት ነበር፤ ስለዚህ ስሙን በመለያው ላይ ካዩ ጠርሙሱን ቢሞክሩት እመክራለሁ።

በነጮቹ መካከል በብዛት የሚተከለው ቪዩራ ነው። ቴምፕራኒዮ ብላንኮ ግን የተለየ ታሪክ አለው፤ እ.ኤ.አ. በ1988 በአንድ ቀይ የቴምፕራኒዮ ተክል ላይ ነጭ ፍሬ ካፈራ አንድ ቅርንጫፍ የተገኘ ዝርያ ነው።

በመጨረሻም ለመጠጣት ሲዘጋጁ ቀዩን ከ16 እስከ 18 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ባለው ሙቀት ያቅርቡት። ያረጀ ግራን ሬሴርቫ ከሆነ ጠርሙሱን ከመክፈትዎ አንድ ቀን በፊት ቀጥ አድርገው ያቁሙት፤ አተላው ከታች ከረጋ በኋላ በዝግታ ይቅዱና የመጨረሻውን ጥቂት መጠን በጠርሙሱ ውስጥ ይተዉት።