የባህል ሕክምና ኮሌጅ ፈቃዱ ሲሰረዝ፦ አቤቱታና ይግባኝ እንዴት ይቀርባል?

አዳማ ላይ የግል ኮሌጅ የከፈተ ሰው የስረዛ ደብዳቤ ሲደርሰው መጀመሪያ ስልኩን ያነሳል። «እዚያ ቤት የምታውቀው ሰው አለ?» ቆይ፣ ስልኩ ይደርሳል። መጀመሪያ የደብዳቤውን ራስጌ እዩ።

ማን ነው የጻፈው? ለዲግሪ ትምህርት የእውቅና ፈቃድ የሚሰጠው የፌዴራሉ የትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን ነው። መድኃኒቱን፣ የባህሉንም ጨምሮ፣ በአዋጅ ቁጥር 1112/2011 የሚቆጣጠረው ግን የምግብና መድኃኒት ባለሥልጣን ነው። ሁለቱ አይቀላቀሉ። የጻፈው የክልል ቢሮ ከሆነ ጉዳዩ በኦሮሚያ ሕግ፣ በአፋን ኦሮሞ ይሄዳል። እኔ የምጽፈው ስለ ፌዴራሉ ነው።

ደብዳቤው የደረሳችሁን ቀን እዚያው ላይ ጻፉ። ከዚያ ቅሬታችሁን እዚያው መሥሪያ ቤት አስገቡ። ፍርድ ቤት የውስጡን መንገድ ሳትጨርሱ ብትሄዱ ይመልሳችኋል። በአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 መሠረት ውሳኔ በጽሑፍና ከነምክንያቱ መሰጠት አለበት። «መስፈርቱን ባለማሟላታችሁ» ብቻ ከሆነ የተጻፈው፣ የትኛውን መስፈርት እንደሆነ በደብዳቤ ጠይቁ። የምታስገቡት ሁሉ በመዝገብ ቤት ይለፍ፤ በቅጂያችሁ ላይ ማህተምና ቁጥር ይኑር። «በቃል ነግሬያቸዋለሁ» የሚባል ነገር ዋጋ የለውም።

ካልተሳካ ፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። በፍጥነት መንገዱ አዲስ አበባ ቅርብ ናት። ከባዱ አቤቱታው ነው።

ዳኛው ዳማከሴ ለምች ይሠራል አይሠራም ብሎ አይፈርድም። የሚያየው መሥሪያ ቤቱ ሥልጣን ነበረው ወይ፣ ሥርዓቱን ጠብቋል ወይ፣ እናንተን ሰምቷል ወይ የሚለውን ነው። ብዙ አቤቱታ ግን እንዲህ ይጀምራል፦ «የአባቶቻችንን ጥበብ ለትውልድ እያስተላለፍን ሳለ አለአግባብ ተዘጋን።» ያምራል፤ ግን ዳኛው የሚይዘው ነገር የለም።

ይልቅ እንዲህ በሉ፦ «ቤተ ሙከራ የለም ተብሎ ፈቃዳችን ተሰርዟል። የመጣው ቡድን ቤተ ሙከራውን እንዳልጎበኘ ቃለ ጉባኤው ገጽ 3 ላይ ተጽፏል። መልስ እንድንሰጥም አልተጠየቅንም።» በእያንዳንዱ ነጥብ አንድ ጥፋት፣ አንድ ማስረጃ። ጥቅሱንና ምስጋናውን አውጡት። የፍርድ ቤት በር ላይ ማመልከቻ ጸሐፊዎች ለቤት ኪራይ ክርክር ጎበዞች ናቸው፤ ለዚህ ግን ጠበቃ ያዙ።

ቤተ ሙከራው በእርግጥ ከሌለ ደግሞ ገንዘቡን ለክርክር ሳይሆን ለቤተ ሙከራው አውሉት። ብታሸንፉም ፋይሉ እንደገና ይታይ ተብሎ ወደዚያው መሥሪያ ቤት ሊመለስ ይችላል፤ ያኔ ቡድኑ ተመልሶ ይመጣል።

መክሰስ ብቻውን ስረዛውን አያቆምም። እግድ ከፈለጋችሁ በቃለ መሃላ አስደግፋችሁ ለብቻው ጠይቁ፤ በመካከል ተማሪዎቹ ምን እንደሚሆኑም በግልጽ ጻፉ። እግድ ሳይኖር አዲስ ተማሪ መመዝገብ ግን በራስ ላይ ክስ መጥራት ነው።

ከተፈረደባችሁ ይግባኙ ለፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ነው። በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 323 ጊዜው ፍርድ ከተሰጠበት ቀን ጀምሮ 60 ቀን ነው፤ የፍርዱን ግልባጭ በዚያው ሳምንት ጠይቁ። «ጠበቃዬ ረስቶት ነው» ማለት አያዋጣም፤ ቁጥር 326 ጠበቃ ያሳለፈውን ጊዜ በበቂ ምክንያትነት አይቀበልም። ስለዚህ ቀኑን ራሳችሁ ቁጠሩ። በሥር ፍርድ ቤት ያላነሳችሁትን ነገርም ያለ ፈቃድ እዚህ ማምጣት አይቻልም፤ ያ የጉብኝት ቃለ ጉባኤ ከመጀመሪያው መያያዝ ያለበት ለዚህ ነው።

ይግባኝ ሰሚው ችሎት በፍርዱ ከተስማማ በቁጥር 337 መሠረት መልስ ሰጪውን ሳይጠራ ይግባኙን መሰረዝ ይችላል። ጠንካራው ነጥባችሁ የመጀመሪያው ገጽ ላይ ይሁን።