ዶሮውን ሁለት ጊዜ ጥበሱት

በአሜሪካ ደቡባዊ ግዛቶች ዶሮ ከመጠበሱ በፊት አሬራ ውስጥ ይዘፈዘፋል። ጃፓኖች ደግሞ ካራአጌ ለሚሉት ጥብስ ዶሮውን በሶያ ሶስ፣ በዝንጅብልና በነጭ ሽንኩርት ያሹታል። ሁለቱን አንድ ላይ ሞክሩት፤ በጣም ይስማማሉ።

አጥንት የሌለውን የዶሮ ጭን በጉርሻ መጠን ቁረጡት። ለ1 ኪሎ 1 ኩባያ አሬራና 3 የሾርባ ማንኪያ ሶያ ሶስ ይበቃል። ፍሪጅ ውስጥ 4 ሰዓት ይቆይ። ሶያው ራሱ ጨዋማ ነው፤ ጨው አትጨምሩ።

ትልቁ ለውጥ የሚመጣው ዶሮው ከመጠበሱ በፊት ከሚለወስበት ዱቄት ነው። ግማሹን የስንዴ ዱቄት፣ ግማሹን የድንች ስታርች አድርጉት። ስታርቹ ግሉተን (የስንዴን ሊጥ የሚያለጥጠው ፕሮቲን) ስለሌለው ቅርፊቱ ስስ ሆኖ ኮሽ ኮሽ ይላል። በስንዴ ብቻ ይሄን አታገኙትም።

መጀመሪያ በ160 ዲግሪ ሴልሺየስ ዘይት 4 ደቂቃ ያህል ጥበሱና አውጡት። 5 ደቂቃ ሲያርፍ ከሥጋው የሚወጣው እርጥበት ቅርፊቱን ያለሰልሰዋል። አይዟችሁ፣ እንዲያ ነው የሚሆነው። ዘይቱን ወደ 190 አድርሱና 1 ደቂቃ መልሱት፤ እርጥበቱ ተንኖ ይጠፋል። የሥጋው ውስጥ 74 ዲግሪ መድረስ አለበት። ሲወጣ ወረቀት ላይ ሳይሆን የሽቦ መደርደሪያ ላይ አድርጉት፤ ከሥሩ አይርስም።