ፖምፔንና ቬሱቪየስን በአንድ ቀን፦ ቱር ከመክፈላችሁ በፊት

ጣልያን ሊሄድ የተነሳ ሰው ሁሌ ሚጠይቀኝ በአመድ ተቀብሮ የቀረውን የጥንት ሮማውያን ከተማ ፖምፔንና የቀበረውን እሳተ ገሞራ ቬሱቪየስን በአንድ ቀን መጨረስ ይቻላል ወይ ብሎ ነው። ይቻላል። እኔ ሁለቴ ሄጃለሁ፣ የመጀመሪያውን ራሴው ነኝ ያበላሸሁት፣ ፎቶውን አየሁ ዋጋውን አየሁ ሰዓቱን ሳላይ ከፈልኩ፣ ከዛማ ፖምፔ ውስጥ የቆየነው ሁለት ሰዓት እንኳን አይሞላም ምሳ ላይ ግን ሁለት ሰዓት ተጎለትን፣ ሳንጠይቅ ሊሞንቼሎ የሚባል የሎሚ መጠጥ መሸጫ ሱቅ አስገቡን፣ ተራራው ጋ ስንደርስ ደግሞ በንፋስ ምክንያት ተዘግቷል ተባለ። ሁለተኛውን ግን ጠይቄ አጣርቼ ነው የሄድኩት፣ ያው አንድ ቦታ ነው ብትሉኝ አላምናችሁም።

መጀመሪያ ከየት እንደምትነሱ ወስኑ። ከሮም የሚነሳ የአውቶብስ ቱር በጣም ብዙ ነው ግን ለመሄድ ብቻ ወደ ሦስት ሰዓት ይጠጋል፣ ለመመለስም እንደዛው፣ ማለት ከቀኑ ስድስት ሰዓቱን አውቶብስ ውስጥ አንገታችሁን አጣማችሁ ተኝታችሁ ነው ምታሳልፉት። ሮም ከሆነ ያረፋችሁት በጠዋት በፈጣኑ ባቡር ናፖሊ ግቡ፣ አንድ ሰዓት ከአስር ደቂቃ አካባቢ ነው ሚፈጀው፣ ከዛ ከናፖሊ የሚነሳ ቱር ያዙ። ብዙ ጊዜ ዋጋውም ይቀንሳል፣ ዋናው ግን ሰዓቱ። ናፖሊ አንድ ሌሊት ማደር ከቻላችሁማ ምንም አይወዳደረውም።

ቱር ስትመርጡ ኮከቡንና ኮሜንቱን ትታችሁ ፕሮግራሙ ላይ ያለውን ሰዓት ደምሩ። ፖምፔ ውስጥ ስንት ሰዓት ነው? ከሁለት ሰዓት በታች ከሆነ እለፉት፣ ሦስት ከሆነ ጥሩ ነው። ከዛ ደውላችሁም ሆነ ጽፋችሁ ጠይቁ፣ የሁለቱም ቦታ መግቢያ ቲኬት ዋጋው ውስጥ አለ ወይስ እዛ ስንደርስ እንከፍላለን? አስጎብኚው ፖምፔ ውስጥ አብሮን ይገባል ወይስ በር ላይ ጥሎን የሚሄድ ሹፌር ነው? ተራራው ቢዘጋ ብር ትመልሳላችሁ ወይስ ሌላ ቦታ ትወስዱናላችሁ? የመጨረሻዋን ጥያቄ አደራ አትርሷት፣ ቬሱቪየስ ላይ ንፋስ ወይ ጉም ሲበዛ መንገዱን ይዘጉታል፣ እና መልሱ "አይ አይዘጋም" ከሆነ ሰውዬው ወይ አያውቅም ወይ እየዋሸ ነው።

በኔ አስተያየት ፖምፔ ያለ አስጎብኚ አይሞከርም፣ ተራራው ግን አስጎብኚ አያስፈልገውም። ፖምፔ 66 ሄክታር የሚሆን ከተማ ነው፣ ሲሶው ገና አልተቆፈረም፣ የተቆፈረው ራሱ መንገዱ ሁሉ ይመሳሰላል፣ ሚነግራችሁ ሰው ከሌለ ከአንድ ሰዓት በኋላ ግድግዳና ድንጋይ ብቻ ነው ምታዩት። ተራራው ላይ ግን መንገዱ አንድ ነው፣ ወደ ላይ። ስለዚህ ብራችሁ ውስን ከሆነ ፖምፔ ላይ ፈቃድ ያለው አስጎብኚ ያዙና ወደ ቬሱቪየስ በአውቶብስ ለብቻችሁ ሂዱ። በባቡር ለምትመጡ የምትወርዱበት ጣቢያ ፖምፔይ ስካቪ ቪላ ዴይ ሚስቴሪ ይባላል፣ ከናፖሊ ወደ ሶሬንቶ በሚሄደው ቺርኩምቬሱቪያና በሚሉት ባቡር 40 ደቂቃ ቢሆን ነው። ባቡሩ ይጨናነቃል ኪሳችሁን ጠብቁ። ስትወርዱ ደግሞ ጣቢያው በር ላይ የቱሪስት መረጃ ነን ምናምን እያሉ የሚጠሯችሁ አሉ፣ ብዙዎቹ ቱር ሻጮች ናቸው፣ ትክክለኛው የቲኬት መስኮት መግቢያው በር ላይ ነው ያለው።

ቲኬት ላይ ደግሞ አዲስ ነገር አለ። ከኖቬምበር 2024 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ ፖምፔ በቀን ከ20 ሺህ ሰው በላይ አያስገባም፣ ቲኬቱም በስም ነው፣ ስለዚህ ቱሩን ስትይዙ ስማችሁን ልክ ፓስፖርታችሁ ላይ እንደተጻፈው አስገቡ፣ የአባትና የአያት ስም እየገለባበጣችሁ እዛ በር ላይ ከጠባቂ ጋር እንዳትከራከሩ፣ መታወቂያም ያዙ። የወሩ የመጀመሪያ እሁድ መግቢያው ነጻ ነው፣ ነጻ ነው ብላችሁ ግን እንዳትሄዱ ሰዉ ሌላ ነው። ትልቅ ሻንጣ አይገባም፣ ከ30 በ30 በ15 ሴንቲ በላይ ከሆነ ማስቀመጫ ውስጥ ትተውታላችሁ። የቬሱቪየስ ቲኬት ደግሞ ኦንላይን ብቻ ነው ሚሸጠው፣ ቀንና ሰዓት ይዞ፣ 10 ዩሮ አካባቢ ነው፣ ተራራው ላይ ኔትወርክ አለ ብላችሁ እንዳትተማመኑ ቀድማችሁ ግዙና ስክሪንሾት አድርጋችሁ ያዙ። በነገራችን ላይ ቲኬቱ ላይ ያለው ሰዓት በፈረንጅ ነው፣ 9 ሰዓት ካለ ጠዋት 3 ሰዓት ማለት ነው። ሳቁ ግን ስልኩን በሀበሻ ሰዓት አላርም ሞልቶ የተኛ ሰው አውቃለሁ።

የቱ ይቅደም ለሚለው በሙቀት ወራት ፖምፔን አስቀድሙ፣ ልክ በሩ ሲከፈት ግቡ፣ ምክንያቱም ጥላ ሚባል ነገር የለም፣ መንገዱ የጥቁር ድንጋይ ንጣፍ ነው፣ ከላይ ፀሀዩ ከታች ድንጋዩ ይጠብሳችኋል። ተራራው ከሰዓት በኋላም ቢሆን ነፋሻ ነው። በብርድ ወራት ግን ገልብጡት፣ ጠዋት ላይ ሰማዩ ጥርት ካለ ሮጣችሁ ተራራውን ውጡ፣ ፖምፔ የትም አይሄድም። ውሃ ብዙ መሸከም አያስፈልግም፣ ከተማው ውስጥ ያሉት ቧንቧዎች የሚጠጣ ውሃ ነው ሚያወርዱት፣ አንድ ባዶ ኮዳ ይበቃል።

እሺ ገባችሁ። አስጎብኚው ሄድሴት ይሰጣችኋል፣ ከሱ ጋር ተጠጉ፣ ግን ዓይናችሁን ወደ ታች አድርጉ፣ ሁሉ ሰው ግድግዳና ሥዕል ያያል፣ እኔ በጣም የነካኝ መሬቱ ነው። መንገዱ መሀል ላይ የተቀመጡ ከፍ ያሉ ትላልቅ ድንጋዮች አሉ፣ እግረኛው ከዚህ ወደዛ ረግጦ የሚሻገርባቸው፣ መንገዱ ላይ ውሃና ቆሻሻ ይወርድ ስለነበር፣ በድንጋዮቹ መሀል ደግሞ የጋሪው ጎማ የሚያልፍበት ክፍተት ትተዋል፣ ጎማው ያለፈበት ቦታ ድንጋዩን በልቶት ጣታችሁን ከታችሁ ጥልቀቱን መለካት ትችላላችሁ። ሱቆቹ መግቢያ ላይ ድንጋዩ ውስጥ ረጅም ቦይ አለ፣ የሳንቃው በር የሚንሸራተትበት ነው፣ ማታ ማታ እየጎተቱ የሚዘጉት። አንዱ የውሃ መቅጃ ጋ ደግሞ የድንጋዩ ጠርዝ በአንድ በኩል ብቻ ተበልቶ ጎድጉዷል፣ ሰዉ ሁሉ ሲጠጣ እጁን እዛች ቦታ ላይ እየተደገፈ። እኔም እጄን አሳረፍኩ፣ ልክ ገባ።

እንዳያሳልፏችሁ የምትጠይቁት፦ የቬቲ ቤት፣ ለረጅም ዓመት ታድሶ በ2023 የተከፈተው፣ ባለቤቶቹ ነጻ የወጡ ባሮች ነበሩ ይባላል ሀብታቸውን ግን ግድግዳው ላይ አይታችሁ ፍረዱ። ዳቦ ቤቶቹ ከእሳተ ገሞራ ድንጋይ ከተሠራው ወፍጯቸው ጋር። በ2020 ተቆፍሮ ያለቀው ባለ ሥዕል የምግብ መሸጫ፣ ባንኮኒው ላይ የምግቡ ማሰሮ የሚገባበት ቀዳዳ ያለው። አምፊቲያትሩ ጫፍ ላይ ስለሆነ ቱሮች ብዙ ጊዜ ይዘሉታል፣ እኔ ግን የምወደው ታሪክ እዛ ነው ያለው፣ በ59 (እ.ኤ.አ.) የፖምፔና የጎረቤት ከተማ የኑቼሪያ ደጋፊዎች ተደባድበው ብዙ ሰው ሞተና ሮም ለአስር ዓመት ጨዋታ አገደችባቸው። ደርቢ በሉት።

የሰዎቹ ቅርጽ የሚባለው ሁሉም ሰው ሊያየው የሚመጣው ነገር ነው፣ አሠራሩን ካላወቃችሁ ሐውልት ይመስላችኋል። እሳተ ገሞራው በ79 (እ.ኤ.አ.) ሲፈነዳ መጀመሪያ የወረደው ቀለል ያለ ባለ ቀዳዳ ጠጠር ነው፣ ጣራ ሰበረ፣ በማግስቱ ጠዋት የጋለ ጋዝና አመድ ተራራውን ተንደርድሮ ወርዶ የቀሩትን ጨረሰ፣ አመዱ ሬሳው ላይ ደረቀ፣ ሥጋው በስብሶ ሲጠፋ ውስጡ ባዶ ቦታ ቀረ። በ1863 ጁሴፔ ፊዮሬሊ የሚባል አርኪኦሎጂስት እዛ ባዶ ውስጥ ጀሶ አፈሰሰ፣ እኛ ኮርኒስ የምንሠራበት ያው ጀሶ፣ ቃሉም ከነሱ ነው የመጣው። የሸሚዝ እጥፋት ሁሉ ሳይቀር ወጣ። የሸሹት ሰዎች የአትክልት ቦታ በሚባለው 13ቱ በተኙበት አሉ፣ አምፊቲያትሩ አጠገብ ነው። አስጎብኚያችሁ እናት ልጇን አቅፋ ምናምን ብሎ ሲተርክ ትንሽ ጠርጥሩ፣ በ2024 በወጣ የዲኤንኤ ጥናት እናት ትባል የነበረችው፣ የወርቅ አምባር ያደረገችው፣ ወንድ ሆና ከልጁም ጋር ዝምድና እንደሌላቸው ታውቋል። ስለ ፍንዳታው ቀንም ጠይቁት፣ ድሮ ኦገስት 24 ነው ሲባል ነበር፣ በ2018 በከሰል የተጻፈ ጽሑፍ ግድግዳ ላይ ከተገኘ ወዲህ ብዙዎቹ ወደ ኦክቶበር ያዘነብላሉ፣ እና ጎበዝ አስጎብኚ ይሄን ሲጠየቅ ፊቱ ይበራል።

ምሳ ቱሩ ውስጥ ካለ ፒዛ ነው። ጾም ከሆነ ማሪናራ በሉ፣ ቲማቲም ነጭ ሽንኩርት ኦሬጋኖና ዘይት ብቻ ናት፣ አይብ የላትም፣ ማንንም ማስቸገር የለም። ብዙ አትብሉ ግን፣ ቀጥሎ ዳገት ነው።

አውቶብሱ እስከ 1000 ሜትር ከፍታ ድረስ ያወጣችኋል፣ ተራራው 1281 ሜትር ነው፣ ቀሪው በእግር ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ይፈጃል። አጭር ነው ግን ጠጠሩ ልቅ ስለሆነ አንድ ወደፊት ግማሽ ወደኋላ ነው፣ ሸበጥና ነጠላ ጫማ አድርጎ የመጣ ሰው ሲወርድ ታዩታላችሁ። ስኒከር በቂ ነው። ጃኬት ያዙ፣ ታች በላብ ብትርሱም ላይ ንፋሱ ይገርፋል። ሽንት ቤት ከመውጣታችሁ በፊት ተጠቀሙ። መነሻው ላይ የእንጨት ምርኩዝ የሚያቀብሏችሁ ካሉ ስጦታ እንዳይመስላችሁ፣ ስትመለሱ ሳንቲም ይጠበቅባችኋል። ጉልበታችሁ የሚያስቸግራችሁ ከሆነ ግን ይጠቅማል፣ በተለይ ቁልቁለቱ ላይ።

ላይ ስትደርሱ ደግሞ እንደ ኤርታ አሌ ቀይ ነገር ሲንተከተክ ጠብቃችሁ እንዳትናደዱ፣ ላቫ የለም። ግዙፍ ጉድጓድ ነው፣ ጥልቀቱ 300 ሜትር አካባቢ፣ አፉ ወደ ግማሽ ኪሎ ሜትር ሚጠጋ፣ ዝም ያለ። ግን ዝም ብላችሁ ግድግዳውን ካያችሁት ከስንጥቁ ቀጭን እንፋሎት ሲወጣ ታገኙታላችሁ፣ ብርድ ቀን ላይ ይበልጥ ይታያል። መጨረሻ የፈነዳው በማርች 1944 ነው፣ በጦርነቱ መሀል፣ አጠገቡ አርፈው የነበሩ የአሜሪካ ቦምብ ጣይ አውሮፕላኖችን በአመድና በጠጠር ከጥቅም ውጭ አደረጋቸው። አሁን ከሥሩ አደጋ ቀጠና በሚባለው ውስጥ ከ600 ሺህ በላይ ሰው ይኖራል፣ ከላይ ሆናችሁ ቤቶቹ እስከ ባሕሩ ድረስ ተያይዘው ስታዩ ነው ቁጥሩ የሚገባችሁ። ጠዋት የነበራችሁበትን ፖምፔንም ፈልጉት፣ በቀጥታ 10 ኪሎ ሜትር አካባቢ ቢሆን ነው።

ተራራው ከተዘጋና ወይን ቤት ወይስ ኤርኮላኖ ብለው ምርጫ ከሰጧችሁ ወይን ቤቱን ትታችሁ ኤርኮላኖ በሉ፣ በጥንቱ ስሙ ሄርኩላኒየም። በዚያው ፍንዳታ የተቀበረ ከተማ ነው፣ ትንሽ ነው፣ በሁለት ሰዓት ይጠናቀቃል፣ ፖምፔ ላይ የሌለ የከሰለ እንጨት አለው፣ በር አልጋ ጣራ ሁሉ፣ ያኔ ባሕር ዳር የነበሩት የጀልባ ማቆሚያዎች ውስጥ ደግሞ መዳን ፈልገው የተጠለሉ ወደ 300 ሰዎች አጽም ተገኝቷል። እኔ የመጀመሪያው ጉዞ ላይ ምርጫው ሲሰጠን ወይን ቤቱን ካሉት ጋር ነበርኩ፣ እስካሁን ይቆጨኛል።

ስትመለሱ ከፖምፔ ጠጠርም ሸክላም ኪሳችሁ ከታችሁ እንዳትወጡ፣ ወንጀል ነው። ወስደው ከዓመታት በኋላ እርግማን መጣብን እያሉ ከይቅርታ ደብዳቤ ጋር በፖስታ የሚመልሱ ቱሪስቶች አሉ፣ የእውነቴን ነው። ከሮም በባቡር የመጣችሁ ደግሞ የመመለሻ ቲኬታችሁን ቱሩ ያልቃል ካሏችሁ ሰዓት ቢያንስ ሁለት ሰዓት አሳልፋችሁ ቁረጡ፣ የናፖሊ ትራፊክ ፕሮግራም አያውቅም።