የጣሊያንን የዘር ሕግ ታሪክ ጎንደር ላይ በዘጋቢ ፊልም ለመሥራት

የጎንደርን ፒያሳ የሚቀርጽ ሰው ፖስታ ቤቱንና ሲኒማ ቤቱን አሳምሮ ያሳያል። በጣሊያን ወረራ ዘመን ጣሊያናዊው አርክቴክት ጌራርዶ ቦሲዮ ያወጣው የከተማ ፕላን የነጩንና የአገሬውን መኖሪያ ለይቶ እንደነበር ግን ሳይነገር ይታለፋል። ፊልሙ መጀመር ያለበት ከዚያ ነው።

መጀመሪያ ሕጎቹን አንብቡ። ሚያዝያ 11 ቀን 1929 ዓ.ም. የወጣው የጣሊያን ሕግ ቁጥር 880 ከአገሬው ሴት ጋር እንደ ባልና ሚስት የሚኖር ጣሊያናዊ ከ1 እስከ 5 ዓመት እንዲታሰር ያዛል። በ1932 ዓ.ም. የወጣው ቁጥር 822 ደግሞ ጣሊያናዊ አባት ከእንዲህ ያለ ግንኙነት የተወለደ ልጁን እንዳይቀበል ከለከለ። ቀኖቹን ከፈረንጁ አቆጣጠር ስትመልሱ ተጠንቀቁ። አፄ ኃይለ ሥላሴ አዲስ አበባ የገቡት ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. ሲሆን ጎንደር ግን እስከ ኅዳር 18 ቀን 1934 ዓ.ም. በጣሊያን እጅ ነበረች። አንድ አዛውንት «ጣሊያን የወጣ ጊዜ» ካሉ የትኛውን እንደሆነ እዚያው ጠይቁ።

ዘመኑን በዓይኑ ያየ ሰው ዛሬ ከዘጠና ዓመት በላይ ነው፤ አብዛኛው ቃል የሚገኘው ከልጆችና ከልጅ ልጆች ነው። ስለዚህ «አየሁ» እና «ሲሉ ሰማሁ» በማስታወሻችሁ ላይ ተለይተው ይጻፉ። በመጀመሪያው ቀን ካሜራ አትያዙ፤ በሚያውቃቸው ሰው በኩል ገብታችሁ ቡና ጠጡ። «ጣሊያን ዘረኛ ነበር?» የሚል ጥያቄ «አዎ» ብቻ ያስገኛል። «እማማ፣ እናትዎ ገበያ ሲወጡ በየት በኩል ነበር የሚያልፉት? የሚያስቆማቸው ነበር?» ብትሉ ግን መንገዱን፣ በሩንና ዘበኛውን ይነግሯችኋል። መልሱ ያለቀ ሲመስላችሁ አምስት ሰከንድ ዝም በሉ፤ ዋናው ነገር ብዙ ጊዜ ከዚያ በኋላ ይመጣል።

አባታቸው ጣሊያናዊ የነበሩ ቤተሰቦች ጋ ስትሄዱ ፈቃድ አንድ ጊዜ ጠይቆ መተው አይበቃም። በልጅነት የተሰደቡበት ቃል ዛሬም ያማል። ስምምነቱን ከቀረጻ በፊት አንብቡላቸው፤ የተቀናበረውንም አሳይታችሁ እንደገና ጠይቁ። እምቢ ካሉ ያ ክፍል ከፊልሙ ይውጣ።

ሥራውን ከምስል ይልቅ የሚያበላሸው ድምፅ ነው፦ የባጃጅ ጥሩምባ፣ የቤተ ክርስቲያን ድምፅ ማጉያ፣ በክረምት ደግሞ ቆርቆሮ ላይ የሚወርድ ዝናብ። የደረት ማይኩን ከአገጭ አንድ ስንዝር ያህል ዝቅ አድርጋችሁ ከነጠላው በላይ አጣብቁት፤ ከሥሩ ከሆነ ጨርቁ ሲፋተግ ይንኮሻኮሻል። ንግግሩ በመቅጃው የድምፅ መለኪያ ላይ -12 ዴሲቤል አካባቢ ይሁን፤ ሲጨርሱም ለቅንብር እንዲሆናችሁ የክፍሉን ጸጥታ አንድ ደቂቃ ቅዱ። መብራታችን 50 ሄርዝ ስለሆነ በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ሻተሩን 1/50 ሰከንድ አድርጋችሁ ቅረጹ፤ አለዚያ አምፖሉ ምስሉ ላይ ይርገበገባል።

የጣሊያን መንግሥት የፊልም ድርጅት የሆነው የኢስቲቱቶ ሉቼ የዘመኑ ፊልሞች የፋሺስቱ መንግሥት ለፕሮፓጋንዳ ያስቀረጻቸው ናቸው። ከትረካ ጀርባ ዝም ብሎ ማሳለፍ ተመልካቹን በወራሪው ዓይን እንዲያይ ያደርገዋል። ማን፣ መቼ፣ ለምን እንዳስቀረጸው በጽሑፍ አሳዩ፤ ፍሬሙን አቁማችሁ ዳር ላይ ወደ ቆሙት አበሾች ቅረቡ። የመጠቀሚያ ክፍያው በምትወስዱት ርዝመት ስለሚሰላ የፈቃድ ደብዳቤውን ቅንብሩ ከመዘጋቱ በፊት ላኩ።