የአስማት ክር ሸማኔዎችን ማኅበር በልብ ወለድ ውስጥ ማቋቋም

የአስማት ክር የሚሸምኑ ባለሙያዎችን ማኅበር በምናባዊ ልብ ወለዱ ውስጥ ማካተት የሚፈልግ ጸሐፊ ብዙውን ጊዜ የሚጀምረው ክሩ የሚያደርጋቸውን ተአምራት በመዘርዘር ነው፤ ቁስል የሚያሽር ፈትል፣ ሰው የሚሰውር ኩታ፣ በጨለማ የሚያበራ ጥለት። እኔ የምመክረው ግን ከዚያ አስቀድሞ ክሩ እንዴት እንደሚሠራ መወሰንን ነው። የማኅበሩ ሥልጣንም ሆነ ምሥጢሩና ጠቡ የሚመነጨው ከሥራው ሂደት ስለሆነ፣ ሂደቱን ሳያጠኑ የተፈጠረ ማኅበር አንድ ዓይነት ልብስ የለበሱ ጠንቋዮች ስብስብ ከመሆን አያልፍም።

ለዚህ የራሳችን የሸማ ሥራ ከበቂ በላይ ነው። ጥጡ በጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ በብረት ዘንግ እየተዳመጠ ከፍሬው ይለያል፤ በደጋን ተነድፎ ባዘቶ ይሆናል፤ ባዘቶው በእንዝርት ይፈተላል፤ ከዚያ ድሩ ይዘረጋል፣ ማጉም በቀሰም ላይ ተጠቅልሎ መወርወሪያው ውስጥ ይገባል፤ ሸማኔውም እግሮቹን ጉድጓድ ውስጥ አስገብቶ ድሩን በእግሩ ከፍና ዝቅ እያደረገ መወርወሪያውን ከአንዱ እጁ ወደ ሌላው ይልካል። ከእነዚህ ደረጃዎች አንዱን ብቻ ይምረጡና አስማቱ ወደ ክሩ የሚገባው እዚያ ላይ ይሁን። በሁሉም ደረጃ ላይ አስማት ካኖሩ የትኛውም እጅ ከሌላው እጅ የተለየ ዋጋ አይኖረውም፣ ታሪኩም የሚጣሉበት ነገር ያጣል።

ይህ ምርጫ ብዙ ነገር ይወስናል። በልማዳችን ጥጥ የሚፈትሉት በአብዛኛው ሴቶች፣ የሚሸምኑት ደግሞ ወንዶች ናቸው። አስማቱ የሚገባው በእንዝርቱ ላይ ከሆነ ኃይሉ ያለው በፈታዮቹ እጅ ሲሆን፣ ስሙና ገንዘቡ ግን የተጠናቀቀውን ሸማ ለገበያ ለሚያወጣው ሸማኔ ይደርሳል። የማኅበሩ ወንበር በሙሉ በሸማኔዎች የተያዘ ቢሆንና ፈታዮቹ አንድ ወር ልቃቂታቸውን ገበያ ላለማውጣት ቢስማሙ ምን ይፈጠራል? ከዚህ ጥያቄ ብቻ አንድ ሙሉ መጽሐፍ ይወጣል። አስማቱ የሚገባው በመወርወሪያው ላይ ከሆነ ግን የተለየ፣ ለእኔም ደከም ያለ ታሪክ ይሆናል፤ ኃይሉና ክብሩ በአንድ ሰው እጅ ስለሚገናኙ።

ቀጥሎ ገደቡን ያብጁ፤ ገደቡም ከዕቃው ይምጣ። በእጅ የሚወረወር መወርወሪያ የሸማኔው ክንድ ከሚደርስበት ስፋት አያልፍም፤ ስለዚህ ነጠላም ሆነ ጋቢ ከሸማኔው ዘንድ የሚወጣው በጠባቡ ነው፣ ኋላም ጎን ለጎን ተገጥሞ ይሰፋል። በእርስዎ ዓለም ውስጥ የአስማቱ ሸማ እንከን የሌለበት ቢሆንም የሚሰፋው ግን በተራ ክር ነው እንበል። ጠላት የሚፈልገው ያን መጋጠሚያ ነው፤ መጋጠሚያውን የሚሰፋው ሰው ማን እንደሆነ ማኅበሩ ለምን እንደሚደብቅም አንባቢው ሳይነገረው ይገባዋል። ለዋጋውም እንዲሁ ከልማድ መነሳት ይቻላል። የብራና ክታብ በባለቤቱ ቁመት ልክ ይዘጋጅ ነበር፤ የጥበቃ ክርም በቁመት የሚለካ ከሆነ ሕፃን ባደገ ቁጥር ጥበቃው ያጥረዋል፣ ድሃ እናትም በየጊዜው ወደ ማኅበሩ ደጅ መመለስ ይኖርባታል።

የማኅበሩን ሥርዓት ሲያዋቅሩ የአውሮፓውን አምሳል እንዳለ ከመቅዳት ይቆጠቡ። ያ አምሳል የራሱ ታሪክ አለው፤ የለንደን ሸማኔዎች በ1155 እ.ኤ.አ. ከንጉሥ ሄንሪ ዳግማዊ ባገኙት ቻርተር በየዓመቱ ወርቅ እየከፈሉ፣ ከማኅበራቸው ውጭ ያለ ሰው በከተማዋ እንዳይሸምን የማድረግ መብት ነበራቸው። የእኛ አንባቢ ግን ዳኛና ጸሐፊ ያለውን ዕቁብና ዕድር ከልጅነቱ ጀምሮ ያውቃል። የአስማቱ ፈትል ጥቂት ስለሆነ በየወሩ በዕጣ የሚከፋፈል ከሆነ፣ ዕጣው የወጣለት ሰው ለታመመ ጎረቤቱ ሲል ተራውን የሚለቅበትን ትዕይንት ለመጻፍ ማብራሪያ አያስፈልግዎትም። ለመሐላውም ማተብ አለልዎት፤ አንገት ላይ የሚታሰር ተራ ክር ሆኖ ሳለ ሰው የሚምልበት ነው። ምልክት ለመለዋወጥ ደግሞ ነጠላ ይበቃል፤ ጥለቱ ወደ አንገት ሲወጣ ሐዘን መኖሩን የሚያውቅ ሕዝብ ሌላ ምሥጢራዊ አለባበስ ቢጨመርለት በቀላሉ ይቀበላል።

አብዝተው ሊጠነቀቁበት የሚገባው ጉዳይ የሚከተለው ነው። በአገራችን ሸማኔ፣ ቀጥቃጭና ሸክላ ሠሪ በሙያቸው ሲናቁ ኖረዋል፤ ቡዳ እየተባሉም ተፈርተዋል፣ ተገልለዋል። በጎንደር አካባቢ ብረት ይቀጠቅጡና ሸማ ይሠሩ የነበሩ ቤተ እስራኤላውያን ይህንን ስም ለብዙ ዘመን ተሸክመዋል። ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ባለሙያን በሥራው መስደብን የሚከለክል አዋጅ እስከማውጣት ደርሰዋል። ስለዚህ በልብ ወለድዎ ውስጥ መንደርተኛው ሸማኔዎቹን አስማተኞች ናቸው ብሎ ቢፈራና በመጨረሻ ፍርሃቱ እውነት ሆኖ ቢገኝ፣ መጽሐፉ ሳያስበው ለከሳሾቹ ይፈርዳል። መፍትሔው ሐሜቱንና እውነቱን ማለያየት ነው፦ ሰዎቹ የሚፈሩት የሸማኔውን ዓይን ይሁን፣ ኃይሉ ግን ፈጽሞ ከዓይን ጋር አይገናኝ፤ ሐሜቱ በማን አፍ እንደተጀመረና ማንን እንደጠቀመም ታሪኩ ያሳይ። በተመሳሳይ መንገድ፣ ተለማማጅ ልጆችን ሲጽፉ የማኅበሩን ቤት የደስታ ቤት ብቻ አያድርጉት፤ ከገጠር ወደ አዲስ አበባ መጥተው ከሌሊት እስከ ሌሊት ሲሸምኑ ያደጉ ሕፃናት አሉ።

መጻፍ ከመጀመርዎ በፊት ሽሮ ሜዳ ወይም ከተቻለ ጨንቻ ዶርዜ ድረስ ሄደው፣ ፈቃድ ጠይቀው ከሸማኔ አጠገብ ይቀመጡ። ክር ሲበጠስ እጁ ምን እንደሚያደርግ፣ መወርወሪያውን የት እንደሚያስቀምጥ፣ የተበጠሰውን ጫፍ ከብዙ ክሮች መካከል እንዴት እንደሚያገኘው ይመልከቱ። ከዚያ የመጀመሪያውን ትዕይንት በዚያው ይጻፉ፦ የአስማቱ ክር በሥራ መካከል ይበጠስ፣ የሚቀጥለውም ከማኅበሩ አባላት አንዱ ብቻ ይሁን፤ እርሱም በዚያ ቀን አልመጣም።