ተማሪዎች የሚመርጡት የምሁራን ሽልማት እንዴት ይዘጋጃል?

የኢኮኖሚክስና የማኅበራዊ ሳይንስ ሽልማት ሞልቷል። መራጮቹ ግን አብዛኛውን ጊዜ ምሁራኑ ራሳቸው ናቸው፤ የኢኮኖሚክስ ኖቤልማ ማን እንደተጠቆመ እንኳ ለ50 ዓመት በምስጢር ይይዛል። እናንተ ተማሪዎች ሆናችሁ ምሁር ልትሸልሙ ካሰባችሁ ሁሉን በግልጽ አድርጉት።

መጀመሪያ የምትሸልሙትን ነገር አጥብቡ። «ምርጥ ምሁር» ካላችሁ ስሙ የገነነው ያሸንፋል፣ አለቀ። «ባለፉት አምስት ዓመታት የታተመ፣ ተማሪ አንብቦ የሚከራከርበት ጥናት» ብትሉ ግን የምትይዙት ነገር አላችሁ። ዕጩዎቹን ከአራት አታስበልጡ፤ ሁሉም ኢኮኖሚስት አይሁኑ። በ2009 (እ.ኤ.አ.) ኖቤሉን የተሸለሙት ኤሊኖር ኦስትሮም የፖለቲካ ሳይንስ ሰው ነበሩ። ማርክ የሚሰጣችሁን መምህር ደግሞ ዕጩ አታድርጉ፣ ለእሱም ለእናንተም ጣጣ ነው።

ከባዱ ንባቡ ነው። ከእያንዳንዱ ዕጩ አንድ ጥናት ምረጡና በቡድን ተከፋፈሉት። ሒሳቡ ቢያስፈራችሁ መግቢያውንና መደምደሚያውን አንብባችሁ፣ ከዚያ ወደ ሠንጠረዦቹ ሄዳችሁ፣ ጸሐፊው «አገኘሁ» ያለው ነገር እውነት ቁጥሩ ውስጥ አለ ወይ ብላችሁ ጠይቁ። ፈረንሳይ ውስጥ ከ1988 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች የሚሰጡት የጎንኩር የሥነ ጽሑፍ ሽልማትም የቆመው በዚሁ ነው፦ አንብቦ፣ ተከራክሮ መምረጥ። ያላነበበ ድምጽ አይስጥ። ጨከን በሉ።

አሁን ወደ ድምጹ። እዚህ ላይ የኢኮኖሚክስ ተማሪ ቢሳሳት ያሳፍራል! 30 መራጮችና ሀ፣ ለ፣ ሐ የምንላቸው ሦስት ዕጩዎች አሉ እንበል። 12ቱ ሀን አንደኛ፣ ሐን ሁለተኛ፣ ለን ሦስተኛ አሉ። 10ሩ ለ፣ ሐ፣ ሀ ብለው ደረደሩ። 8ቱ ደግሞ ሐ፣ ለ፣ ሀ። አንደኛ ምርጫን ብቻ ከቆጠራችሁ ሀ በ12 ድምጽ ያሸንፋል፣ 18ቱ ግን መጨረሻ ላይ ያስቀመጡት እሱን ነው። ለአንደኛ 2፣ ለሁለተኛ 1፣ ለሦስተኛ 0 ነጥብ ስጡና ደምሩት፦ ሀ 24፣ ለ 28፣ ሐ 38። ቅድም ጭራ የነበረው ሐ አንደኛ ወጣ። ይሄ የቦርዳ ቆጠራ ይባላል። እንከን የለሽ አይደለም፤ ተንኮለኛ መራጭ ጠንካራውን ተፎካካሪ ሆን ብሎ መጨረሻ ላይ ሊደብቀው ይችላል። ኢኮኖሚስቱ ኬነስ አሮው በ1951 (እ.ኤ.አ.) እንዳሳዩት፣ ሦስትና ከዚያ በላይ ዕጩ ሲኖር በደረጃ የሚደረድር የትኛውም አሠራር ሁሉንም የፍትሐዊነት መስፈርት አያሟላም። ስለዚህ የመረጣችሁትን አቆጣጠር ድምጽ ከመሰጠቱ በፊት ጽፋችሁ ለጥፉት፤ ውጤቱ ከታወቀ በኋላ አይነካም።

ገንዘብ ከሌላችሁ አትጨነቁ። አሸናፊውን ለሕዝብ ከማሳወቃችሁ በፊት በኢሜይል ንገሩና ፈቃደኛ መሆናቸውን ጠይቁ። ለምን እንደመረጣችኋቸው የሚያስረዳውን አንቀጽ ጥናቱን ያነበበው ቡድን ይጻፈው፣ ያልተስማማበትን ነጥብም ይጨምርበት። አሸናፊው መጥተው ወይም በቪዲዮ ንግግር ቢያደርጉ የመጀመሪያው ጥያቄ ያ ቡድኑ ያልተስማማበት ነጥብ ይሁን።