የብራና መጽሐፍ በሐዋሳ ክረምት

አያቴ የተዉልኝን የብራና ዳዊት ሐዋሳ ያመጣሁት ጊዜ አቧራ እንዳይነካው ብዬ በፌስታል ጠቅልዬ ብረት ሳጥን ውስጥ ከተትኩት። ክረምቱ አልፎ መስከረም ላይ ስከፍተው ማኅደሩ፣ ማለትም የቆዳ ማቀፊያው፣ አረንጓዴ ሻጋታ አብቅሏል፤ እርጥብ ጆንያ እርጥብ ጆንያ ይሸታል።

ጥፋቱ የራሴ ነው። ብራና ቆዳ ስለሆነ ከአየሩ እርጥበት ይስባል፤ ፌስታል ደግሞ ያፍነዋል።

እንዲህ ካጋጠማችሁ መጀመሪያ አየር በሚያልፍበት ጥላ ውስጥ ይድረቅ። ፀሐይ ላይ ካሰጣችሁት ይኮማተራል። ሻጋታው ደርቆ ዱቄት ሲሆን ማስክ አድርጉና ውጭ ወጥታችሁ በለስላሳ ብሩሽ ቀስ እያላችሁ ጥረጉት። እርጥብ ጨርቅ አታስነኩት፤ ቀለሙ ይለቃል። የተቀደደውን በስኮች መለጠፍማ አይታሰብም። እኔ አሁን በታጠበ አሮጌ ነጠላ ጠቅልዬ፣ ምስጥ እንዳይደርስበት ከወለልም ከግድግዳም አርቄ መደርደሪያ ላይ አስቀምጬዋለሁ።

ከዚያ ቅጂ አውጡለት። የእስክንድርያ ቤተ መጻሕፍት ሲነሳ ሰው ሁሉ እሳት ያወራል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ48 የሮማው የጦር መሪ ቄሳር ወደቡ ላይ የለኮሰው እሳት መጻሕፍት እንደበላ ተጽፏል፤ ከተማዋ ግን ከዚያም በኋላ የሊቃውንት መናኸሪያ ነበረች። ባሕር ዳር የተቀመጠ ፓፒረስ፣ ከደንገል የሚሠራው የጥንት ወረቀት፣ የሚገለብጠው ሰው ካጣ ያለ እሳትም ያልቃል። የነነዌው፣ የአሦር ንጉሥ የአሹርባኒፓል ቤተ መጻሕፍት ተቃራኒ ነው፤ በ612 ከክርስቶስ ልደት በፊት ከተማዋ ስትቃጠል ብዙዎቹ የሸክላ ጽላቶች እንደ ጀበና ተተኩሰው ጠነከሩ። መጽሐፈ ሄኖክንስ? የአረማይኩ ቁርጥራጭ ከሙት ባሕር ዋሻ ተገኘ፣ የግሪኩም ከፊሉ ቀረ፤ ሙሉው ያለው በግእዝ ነው፣ ጸሐፊዎቻችን እየገለበጡ ስላቆዩት።

ለእኛ ስልክ ይበቃናል። እጃችሁን ታጥባችሁ በደንብ አድርቁ። መጽሐፉን መስኮት አጠገብ አድርጉት፤ ፀሐዩ በቀጥታ አይምታው፣ የስልኩም ፍላሽ ይጥፋ። ጥራዙን በግድ አትዘርጉ፤ ግራና ቀኙን በታጠፈ ፎጣ ደግፉት። በቴሌግራም ለዘመድ ስትልኩ እንደ ፎቶ ሳይሆን እንደ ፋይል ይሁን፣ አለዚያ ጥራቱ ይወርዳል።

ባዶ የሚመስለውንም ቅጠል አትዝለሉ። በእኔ ዳዊት መጨረሻ ላይ አያቴ የሸጡትን በሬ ዋጋና የዋሱን ስም ከትበዋል። ያቺን ቅጠል ሦስቴ አነሳኋት፤ ሁለቱ እጄ ተንቀጥቅጦ ደብዝዘዋል።